ከአንጓ እስከ ክርን፦ አንድ ክንድ በሁለት ስም የተከፈለበት ታሪክ

(ሕዝባዊ ንግግር፤ ከድምፅ ቅጂ ተገልብጦ ለንባብ በሚመች መልክ የተስተካከለ)



የዛሬው ርእሴ ሲሰማ የሐኪም እንጂ የታሪክ ሰው ጉዳይ አይመስልም። በእጅ አንጓ ላይ የደረሰ ጉዳት እንዴት ክርን ላይ ሕመም ያመጣል የሚል ጥያቄ ነውና። ወደ ታሪክ ክፍል ያመጣው ግን አንድ የሚያስገርም ነገር ነው። ክንድ ሁለት አጥንቶች እንዳሉት ከጥንት ጀምሮ ይታወቃል። ሁለቱን አጥንቶች የሚያያይዘው ሽፋንም በአናቶሚ መጻሕፍት ከተገለጠ ዘመናት ተቆጥረዋል። ይህ ሁሉ እየታወቀ፣ አንጓው የተጎዳን ሰው ክርኑንም መመርመር እንደሚገባ በሕክምና ደንብ ሆኖ የጸናው በሃያኛው መቶ ዓመት ነው። ለምን ያን ያህል ዘገየ? የዕውቀት እጥረት ብቻ ነው ብዬ አላምንም። እኔ እንደማየው መዘግየቱን ያመጡት የአሰያየም፣ የመሣሪያና የመዝገብ ልማዶች ናቸው። አንዱን ክንድ በሁለት ጫፉ ከፍለው በሁለት ስም ጠሩት፤ ሕመምተኛውም በሁለቱ ስሞች መካከል ወድቆ ቀረ።

ከመቀጠሌ በፊት ሁለት ነገሮችን ላስገንዝብ። ሌላ ካላልሁ በቀር የምጠቅሳቸው ዓመታት እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው። ክንድ ስልም በዛሬው ንግግር ከክርን እስከ አንጓ ያለውን ክፍል ብቻ ማለቴ ነው።

ነገሩን ከዚህ ከካፋ ልጀምር። ከቦንጋ ተነሥቶ በውሽውሽ በኩል ወደ ሚዛን በሚወስደው መንገድ ሺሺንዳ የደረሰ ሰው፣ በመንገዱ ግራና ቀኝ የክንድ ሥራ ያልሆነ ሥራ ብዙም አያይም። ቡና በእጅ ይለቀማል፤ በሙቀጫና በዘነዘና ይወቀጣል። እንሰት በእጅ ይፋቃል። በውሽውሽ የሻይ ቅጠል ይቀነጠባል፤ ጫካው በገጀራ ይመነጠራል። ከሁሉ በላይ ደግሞ የጫካ ማር አለ። ቀፎው ከረጅም ዛፍ ላይ ይሰቀላል፤ ባለ ቀፎው በገመድ እየተረዳ ይወጣል፤ ማሩን የሚቆርጠውም ብዙ ጊዜ በጨለማ ነው። ዩኔስኮ በ2010 የመዘገበው የካፋ የብዝኀ ሕይወት ጥብቅ ሥፍራ በዓለም ፊት የሚታወቀው በዱር ቡናው ነው። ከዛፍ የሚወድቀው ሰው ግን በብሮሹሩ ላይ የለም።

ሰው ሲወድቅ አስቀድሞ የሚዘረጋው እጁን ነው። ከዛፍ ቢወድቅም፣ ዝናብ ባላጋው ቀይ አፈር ላይ ቢንሸራተትም፣ ከሞተር ብስክሌት ቢፈናጠርም መሬቱን በመዳፉ ይቀበላል። መዳፉ የተቀበለው ኃይል እዚያው አይቀርም፤ በክንዱ አጥንቶች በኩል ወደ ላይ ይጓዛል። በእንዲህ ያለ አደጋ ሰውየው «አንጓዬን ተጎዳሁ» ይላል፤ እውነቱንም ነው። ሕመሙ የት ላይ እንዳለ እንጂ ኃይሉ የት የት እንዳለፈ ሊያውቅ አይችልም።

ኃይሉ የሚጓዝበትን መንገድ በጥቂቱ ላስረዳ፤ ታሪኩ ያለዚህ አይገባንም። በአውራ ጣት ወገን ያለው አጥንት ራዲየስ፣ በትንሿ ጣት ወገን ያለው አልና ይባላል። ራዲየስ ታች አንጓው ላይ ሰፊ፣ ላይ ክርኑ ላይ ጠባብ ነው። አልና ተቃራኒው ነው፤ ክርኑ ላይ ሰፍቶ አንጓው ላይ ይቀጥናል። ስለዚህ ከመዳፍ የሚመጣውን ጫና በአብዛኛው የሚቀበለው ራዲየስ ነው፤ በጤናማ አንጓ ላይ አምስት እጅ ቢባል አራቱን ያህል እርሱ ይሸከማል። ክርን ላይ ሲደረስ ግን ጫናው ለሁለቱ ይበልጥ ተቀራራቢ በሆነ መጠን ተከፋፍሏል። ከራዲየስ ወደ አልና ያሻገረው በሁለቱ መካከል የተዘረጋው ማያያዣ ሽፋን ነው፤ ክሮቹ ከራዲየስ ወደ አልና ቁልቁል ያዘነበሉ ናቸው። ሁለቱ አጥንቶች በአንጓም በክርንም ስለሚገናኙ ክንዱ እንደ ቀለበት ነው። ቀለበት በአንድ ቦታ ብቻ ሲሰበር ማየት ብርቅ ነው፤ አንዱ ጎን ከለቀቀ ሌላውም ወይ ይሰበራል ወይ ይወልቃል።

የመጠኑ ስስነት ደግሞ ያስደንቃል። በ1984 ፓልመርና ቨርነር የተባሉ ተመራማሪዎች በአስከሬን ክንድ ላይ ባደረጉት ሙከራ፣ አልና ከራዲየስ አንጻር በ2.5 ሚሊ ሜትር ብቻ ሲረዝም የሚሸከመው ጫና ከ18 በመቶ ወደ 42 በመቶ ገደማ ከፍ ብሏል። ሁለት ሚሊ ሜትር ተኩል ማለት ከአንድ የቡና ፍሬ ስፋት ያነሰ ነው። አንጓው ተሰብሮ በመጠኑ አጥሮ የገጠመ ሰው ስብራቱ ድኖለታል፤ የክንዱ የጫና አከፋፈል ግን እንደ ቀድሞው አይደለም።

አጥንት ብቻም አይደለም። እጅ አጥብቆ ለመጨበጥ አንጓው በጥቂቱ ወደ ኋላ መቀልበስ አለበት። አንጓን ወደ ኋላ የሚቀለብሱት ጡንቻዎች ሥራቸው ታች ይሁን እንጂ አንዳንዶቹ የሚነሡት ከክርን የውጪ ጉብታ ነው። ተማሪዎች አሁኑኑ ልትሞክሩት ትችላላችሁ፤ አንድ እጃችሁን ጨብጡና አንጓውን ወደ ላይ ቀልብሱ፤ በሌላው እጃችሁ ከክርኑ በታች በውጪ በኩል ያለውን ሥጋ ብትነኩ ሲወጠር ይሰማችኋል። አንጓው የደረቀ ወይም የሚያም ሰው ገጀራ በጨበጠ ቁጥር እነዚህ ጡንቻዎች ከወትሮው አብልጠው ይለፋሉ፤ ድካማቸው የሚመዘገበውም በሚነሡበት በክርኑ ጉብታ ላይ ነው። መዳፉን ወደ ላይ መገልበጥ ያቃተው ሰውም አለ። መዳፍን ወደ ታች መገልበጥ ሲያቅት ትከሻ ክርንን ከፍ አድርጎ ያግዛል፤ ወደ ላይ ለመገልበጥ ግን ትከሻ የሚያደርገው እርዳታ ጥቂት ነው። ለመታጠብ ውሃ በመዳፉ መቀበል የተሳነው ሰው ክርኑን ከጎኑ ጋር አጣብቆ ሲጣመም የምናየው ለዚህ ነው። በአንጓ ላይ የተጨነቀ ነርቭም ሕመሙን ሽቅብ እስከ ክርን ሊያሰማ ይችላል፤ እርሱን ግን ለነርቭ ሐኪሞች ልተወው።

ወደ ታሪኩ ልመለስ። በሂፖክራተስ ስም የሚታወቁት የጥንት ግሪክ ጽሑፎች ስለ ስብራት የሚያትት አንድ ክፍል አላቸው፤ የሚጀምረውም በክንድ ነው። ጸሐፊው በዘመኑ የነበሩ ሐኪሞችን ይነቅፋል፤ የተሰበረን ክንድ ቀስተኛ ክንዱን እንደሚዘረጋ ዘርግተው፣ ወይም መዳፉን ወደ ላይ ገልብጠው ያስራሉ በማለት። የሚሻለው ክንዱ በተፈጥሮ የሚያርፍበት አኳኋን ነው ይላል። ልብ በሉ፤ ይህ ሰው ራጅ የለው፣ የአስከሬን ምርመራም ብዙ የለው፤ አንጓው ሲዞር ክርኑ ውስጥ አጥንት እንደሚዞር ግን ከማየትና ከመዳሰስ ተረድቷል። ክንድን እንደ አንድ አካል የማሰብ ልማድ እንግዲህ አዲስ አይደለም። ልማዱ በኋላ ዘመን የላላ ነው።

የላላበትን ዘመን አንድ ዓመት ጥቀስ ብባል 1814ን እጠቅሳለሁ። በዚያ ዓመት በሁለት የአውሮፓ ከተሞች ሁለት ቀዶ ሐኪሞች ስለ ክንድ ሁለት ጫፎች ጻፉ። የደብሊኑ አብርሃም ኮሊስ በአንጓ አጠገብ የሚደርሰውን የራዲየስ ስብራት ገለጸ፤ ያን ጊዜ ብዙዎች ውልቃት ነው ይሉት የነበረውን ስብራት መሆኑን አሳየ። የሚላኑ ጆቫኒ ባቲስታ ሞንቴጃ ደግሞ አልና ሲሰበር የራዲየስ ራስ ክርኑ ላይ እንደሚወልቅ ጻፈ። አንዱ ታችኛውን፣ ሌላው ላይኛውን ጫፍ ያዘ። ሁለቱም በእጃቸው ዳስሰው እንጂ በመሣሪያ አይተው አልነበረም።

በሁለቱ መካከል ያለው የአጻጻፍ ልዩነት እኔን ሁልጊዜ ያስበኛል። ኮሊስ ስብራቱ ጠምሞ ቢገጥም እንኳ ክንዱ ውሎ አድሮ እንቅስቃሴውን እንደሚመልስና ሕመሙም እንደሚለቅ ተስፋ ሰጠ። ሞንቴጃ ግን ያልተሳካለትን ነገር ነው የመዘገበው። አንዲት ልጅ ክንዷ ተሰብሮ ወደ እርሱ መጣች፤ አሰረላት፤ ከአንድ ወር በኋላ ማሰሪያው ሲፈታ የራዲየስ ራስ ከቦታው ወልቆ እንደ ነበር ታየ፤ ሊመለስም አልቻለም። በሕክምና ታሪክ ውስጥ የኮሊስ ተስፋ ከሞንቴጃ ጸጸት ይልቅ ብዙ አንባቢ አገኘ ብል አላጋነንሁም። የአንጓ ስብራት ቀላል ጉዳት ነው፣ ራሱ ይስተካከላል የሚለው አስተሳሰብ ከመቶ ዓመት በላይ ኖሯል። ክርኑን የሚያመው ሰው ተመልሶ ሲመጣ የቀድሞው ስብራት የተዘጋ መዝገብ ስለ ነበር አዲሱ ሕመም አዲስ ስም ይሰጠው ነበር።

ስሙም አልጠፋም። በርናርዲኖ ራማዚኒ ስለ ሠራተኞች በሽታ በጻፈው መጽሐፍ በ1713 ባወጣው በተስፋፋው እትም የጸሐፊዎችን የእጅ ድካም ገልጿል፤ የኛ ቁም ጸሐፊዎች ቢያነቡት ኖሮ «ይህስ እኛን ነው» ባሉ ነበር። በ1873 ሩንገ የተባለ ጀርመናዊ ሐኪም በጽሕፈት የሚመጣውን የክርን ሕመም ጻፈ። ከአሥር ዓመት ገደማ በኋላ፣ በ1882 እና በ1883፣ እንግሊዞች ይህንኑ ሕመም በሣር ሜዳ ቴኒስ ስም ጠሩት፤ ስሙም እስከ ዛሬ «የቴኒስ ክርን» ሆኖ ቀረ። በአንድ በኩል የሚያስቅ ስም ነው። ሕመሙ የጸሐፊ፣ የአናጺ፣ የእንጨት ፈላጭ፣ እንሰት ፋቂ ሴት ሕመም ሆኖ ሳለ ስሙን ያወጡለት ለመዝናኛ የሚጫወቱ ጌቶች ናቸው። በሌላ በኩል ግን ስሙ ጉዳት አድርሷል። ሐኪሙ የቴኒስ ክርን ብሎ ሲጽፍ ዓይኑ ክርኑ ላይ ያርፋል፤ ዓመት ከመንፈቅ በፊት ስለ ደረሰ የአንጓ ጉዳት የሚጠይቅበት ምክንያት አይታየውም። ለቡና ለቃሚ ደግሞ ስሙ ራሱ እንግዳ ነው።

እዚህ ላይ የኛ አገር ታሪክ ባልተጠበቀ መንገድ ይገባል። ሮንትገን የማይታየውን ጨረር ያገኘው በኅዳር 1895 ነው፤ ከሁሉ የታወቀው የመጀመሪያ ሥዕሉም የባለቤቱ እጅ ነበር። ከዚያ በጥቂት ወራት፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. የዐድዋ ጦርነት ሆነ። በሜይ 1896 በኔፕልስ ወታደራዊ ሆስፒታል ሌተና ኮሎኔል ጁሴፔ አልቫሮ ከኢትዮጵያ ዘመቻ ቆስለው የተመለሱ የሁለት ወታደሮችን ክንድ በራጅ አነሣ። የፈለገው ጥይቱ የት እንዳለ ነበር። ይህም ራጅ በጦር ቁስለኛ ላይ ጥቅም የሰጠበት የመጀመሪያው አጋጣሚ ተብሎ ይጠቀሳል። ስለዚህ በጦርነት ታሪክ ውስጥ በጨረር የታየው የመጀመሪያ አካል ክንድ ነው፤ ያን ክንድ ያቆሰለውም በኢትዮጵያ ምድር የተተኮሰ ጥይት ነው።

ነገር ግን ራጅ የሚመልሰው የተጠየቀውን ብቻ ነው። በኔፕልስ የተጠየቀው ጥይቱ የት ነው የሚል ነበር፤ መልሱም ያው ሆነ። በኋላም አንጓ ሲያብጥ አንጓው ብቻ ይነሣል፤ ክርን ሲያም ክርኑ ብቻ። ሐኪሙ ቀድሞ በእጁ ሲዳስስ ከአንጓ እስከ ክርን ይሄድ የነበረው ጣቱ በፊልሙ ጠርዝ ላይ ቆመ። መሣሪያው ማየትን አስፍቶ ምርመራን አጠበበ ማለት ይቻላል፤ ይህ የእኔ ፍርድ ነው፤ የራዲዮሎጂ መምህራን ሊሞግቱኝ መብት አላቸው።

(በነገራችን ላይ፣ በ1896 ካፋ ገና በራሱ ንጉሥ በጋኪ ሼሮቾ ሥር ነበር። መንግሥቱ በራስ ወልደ ጊዮርጊስ ዘመቻ የወደቀው በማግሥቱ ዓመት ነው። ራጅ ወደዚህ የደረሰው ግን ከዚያ ብዙ አሥርት ዓመታት ቆይቶ ነው። በዚያ ሁሉ ጊዜ የካፋ ሰው ክንድ የታየው በወጌሻ ጣት ብቻ ነው።)

ቀለበቱ በሕክምና ጽሑፍ ተመልሶ የገጠመው ቀስ በቀስ ነው። በ1934 እንደ ሞንቴጃ በሚላን የሠራው ሪካርዶ ጋሌያትሲ የ18 ሕመምተኞችን ታሪክ አቀረበ፤ ራዲየስ ዝቅ ብሎ ሲሰበር አልና አንጓው ላይ ይወልቃል አለ። ይህ የሞንቴጃ ግኝት የመስታወት ምስል ነው። በመካከላቸው 120 ዓመት አለ። ከዚያም በ1951 በበርሚንግሃም የሠራው ፒተር ኤሴክስ ሎፕሬስቲ ሁለት ሰዎችን ብቻ የያዘ አጭር ጽሑፍ አወጣ። ይህ ሰው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የእንግሊዝ ፓራሹት ወታደሮች ሐኪም ነበር፤ ከሰማይ የሚወርዱ ሰዎች እንዴት እንደሚጎዱ ከማንም በላይ አጥንቷል። በሁለቱ ሕመምተኞች ላይ ያየው ይህ ነው፦ በመዳፍ ላይ የወደቀ ሰው የራዲየስ ራስ ክርኑ ላይ ይደቅቃል፤ ማያያዣው ሽፋን ከላይ እስከ ታች ይቀደዳል፤ አንጓው ላይም ሁለቱ አጥንቶች ይላቀቃሉ። እንግዲህ ሐኪሙ የክርኑን ስብራት ብቻ አይቶ የደቀቀውን የራዲየስ ራስ ቆርጦ ቢያወጣ፣ ራዲየስ የሚደገፍበት አጥቶ ሽቅብ ይንሸራተታል፤ አንጓውም ይበላሻል። አንጓውን ብቻ ቢያይ ደግሞ ክርኑ ይቀራል። ኤሴክስ ሎፕሬስቲ በዚያው ዓመት በ35 ዓመቱ ሞተ።

በሁለት ሕመምተኞች ታሪክ ላይ የተመሠረተ ጽሑፍ ይህን ያህል ክብደት ማግኘቱ ይገርማል። ያገኘበት ምክንያት ግን ግልጽ ነው፤ ሁለት ስም የነበራቸውን ጫፎች በአንድ ታሪክ ውስጥ አገናኛቸው። ዛሬ የአጥንት ሕክምና ተማሪ ገና በመጀመሪያ ዓመቱ የሚማረው ደንብ፣ የተሰበረን ረጅም አጥንት ስታነሣ ከላዩና ከታቹ ያለውን መገጣጠሚያ አብረህ አንሣ የሚለው፣ ትርጉሙ ይኸው ነው።

አሁን ወደ ወጌሻ ልምጣ። ስለ ወጌሻ በተማሩ ሰዎች መካከል የሚነገረው ብዙ ጊዜ ወይ ውዳሴ ነው ወይ ክስ። እኔ ሁለቱንም ልተውና አንድ ምሳሌ ልውሰድ። ዝናብ የዘነበበት ቀን ነው እንበል፤ እናት የሦስት ዓመት ልጇን ጭቃ ልታሻግር እጁን ይዛ ሽቅብ ታነሣዋለች። ልጁ ይጮኻል፤ ከዚያ በኋላ እጁን ማንቀሳቀስ እምቢ ይላል፤ ክንዱን በሌላው እጁ ደግፎ ይይዛል። የት ነው የሚያምህ ሲሉት ብዙ ጊዜ የሚያሳየው አንጓውን ነው፤ እናቱም የያዘችው አንጓውን ስለ ነበር አንጓው ነው ብላ ታምናለች። የተጎዳው ግን ክርኑ ነው። የትንሽ ልጅ የራዲየስ ራስ ከያዘው የጅማት ቀለበት በከፊል ሾልኳል። አንጓውን በራጅ ቢያነሡት ምንም አይታይም።

ልምድ ያለው ወጌሻ እዚህ ላይ ክንዱን ይዞ መዳፉን ይገለብጣል፣ ክርኑን ያጥፋል፤ በአውራ ጣቱ ሥር ቀጭን ድምፅ ይሰማዋል፤ ልጁም ትንሽ ቆይቶ በዚያው እጁ ቆሎ ይይዛል። ሐኪምም የሚያደርገው ይህንኑ ነው። ወጌሻ ይህን የቻለው ስለ ሽፋኑም ስለ ጅማቱም በማንበብ አይደለም፤ ጣቱ ከአንጓ ተነሥቶ እስከ ክርን ስለሚሄድ ነው። የብዙ ወጌሻዎች ዝና የተገነባው በእንዲህ ያለ ፈጣን ፈውስ ላይ ይመስለኛል። መጽሐፈ መድኃኒት የሚባሉት የግእዝና የአማርኛ ጽሑፎቻችን ስለ ዕፅዋትና ስለ ጸሎት ብዙ ይላሉ፤ የወጌሻ ጥበብ ግን በአብዛኛው የተላለፈው ከእጅ ወደ እጅ ነው።

ያው እጅ ግን ማሰሪያ ሲያነሣ ሌላ ታሪክ ይጀምራል። የተሰበረ ክንድ ያብጣል፤ በቀርከሃ ፍላጭና በጨርቅ አጥብቀው ሲያስሩት እብጠቱ መውጫ ያጣል፤ ደም ወደ ጣቶቹ መድረስ ያቆማል። በአገራችን ሆስፒታሎች የተጻፉ ጥናቶች ሕፃናት በጠበቀ ማሰሪያ ምክንያት እጃቸውን እንዳጡ ደጋግመው መዝግበዋል። ሕመሙ ከመታሰሩ በፊት ከነበረው ከበረታ፣ ጣቶቹ ከቀዘቀዙ፣ ከነጡ ወይም ከደነዘዙ፣ ጣት ሲዘረጋ ሕመሙ ከጸና፣ ማሰሪያው በዚያው ሰዓት መፈታት አለበት፤ እስከ ነገ የሚቆይ ነገር አይደለም። ይህን ለመናገር ሐኪም መሆን አያስፈልግም።

ሆኖም ይህን ጉዳት የወጌሻ ኃጢአት ብቻ አድርጎ መቁጠር ታሪኩን ማጉደል ነው። የጀርመኑ ቀዶ ሐኪም ሪቻርድ ፎን ፎልክማን በ1881 ስለ ክንድ ጡንቻዎች መኮማተር ሲጽፍ ምክንያት ያደረገው በጠበቀ ማሰሪያ የሚመጣውን የደም እጥረት ነው፤ ማሰሪያው የራሱ የአውሮፓ ሐኪሞች ማሰሪያ ነበር። በዚያ ጉዳት ደግሞ ነገሩ ተገልብጦ ይመጣል፤ ብዙ ጊዜ መነሻው በክርን አጠገብ የደረሰ ስብራት ሲሆን የሚቆለመመው ግን አንጓና ጣት ነው። ጀሶም ቢሆን አጥብቆ ሊይዝ ይችላል። ልዩነቱ ፎልክማን ስለ ጻፈ ከእርሱ በኋላ የመጡት ማንበብ መቻላቸው ነው።

ይህ ወደ መዝገብ ጉዳይ ያደርሰኛል፤ በእኔ ግምት ለእናንተ ለተማሪዎች ከሁሉ የሚቀርበውም ይህ ነው። ከሺሺንዳ አካባቢ የወደቀ የማር ቆራጭ አስቀድሞ ወደ ወጌሻ ይሄዳል እንበል። ካልዳነ ወደ ጤና ጣቢያ፣ ከዚያም ቦንጋ ወዳለው ሆስፒታል፣ የባሰ ከሆነ ወደ ጅማ ይላካል። በእያንዳንዱ ደረጃ ስለ ክንዱ አንድ ነገር ይባላል። ወጌሻው «ወለምታ ነው» ይላል፤ አይጽፍም። ጤና ጣቢያው በመዝገቡ አንድ መስመር ላይ «የአንጓ ጉዳት» ይጽፋል። ዓመት ቆይቶ ገጀራ መያዝ አቅቶት ሲመለስ ሌላ መዝገብ ላይ «የክርን ሕመም» ተብሎ ይገባል። ሁለቱን መስመሮች የአንድ ሰው የአንድ ውድቀት ታሪክ አድርጎ የሚያነብ የለም። በቁጥር ሲደመሩ አንድ የዳነ አንጓና አንድ አዲስ ክርን ይሆናሉ። ሰውየው ዛፍ መውጣት ትቷል፤ ቀፎውን ለወንድሙ ልጅ አስረክቧል ወይም ሸጧል፤ ይህ በየትኛውም መዝገብ ላይ ዓምድ የለውም።

በምሳሌ ያቀረብሁት ይህ ሰው የማንም የግል ታሪክ አይደለም። መንገዱ ግን የታወቀ ነው፤ እዚህ ከተቀመጣችሁት መካከል በቤተ ሰቡ የሚያውቀው ሊኖር ይችላል።

የታሪክ ተማሪ እዚህ ላይ ሥራ አለው። ሐኪሙ የዛሬውን ክንድ ያያል፤ ከሁለት ዓመት በፊት የሆነውን የሚያወጣው ጠያቂ ነው። የቃል ታሪክ አሰባሰብ ስናስተምር ስለ ነገሥታት፣ ስለ ዘመቻ፣ ስለ ጎሣ አመጣጥ እንዴት እንደሚጠየቅ እናሠለጥናችኋለን፤ የካፋን ታሪክ ከፍሪድሪክ ቢበር ጀምሮ የጻፉትም በአብዛኛው የጠየቁት ይህንኑ ነው። ማር ቆራጩን ግን «መቼ ወደቅህ? በየትኛው እጅህ ተቀበልህ? ማን አሰረልህ? ለስንት ቀን? መዳፍህን ወደ ላይ መገልበጥ መቼ ቻልህ? ክርንህ መቼ ጀመረህ?» ብሎ የጠየቀ ብዙ አላየሁም። እነዚህ የታሪክ ጥያቄዎች ናቸው፤ ቀን አላቸው፣ ቅደም ተከተል አላቸው፣ ምክንያትና ውጤት አላቸው። እንሰት የሚፍቁ እናቶችም እንዲሁ መጠየቅ አለባቸው፤ ስለ እነርሱ ደግሞ አንድ ተጨማሪ ችግር አለ፤ ሕመማቸውን እንደ ሥራው አካል ስለሚቆጥሩት ካልተጠየቁ አይናገሩም።

ወጌሻዎቹም የሚጠየቁ እንጂ የሚመረመሩ ተከሳሾች መሆን የለባቸውም። እኔ ማወቅ የምፈልገው በመጀመሪያ ጣታቸውን የት እንደሚያሳርፉ ነው፤ ካበጠው ቦታ ይጀምራሉ ወይስ ከክርን ወደ ታች ይወርዳሉ? ማሰሪያውንስ በስንተኛው ቀን ይፈታሉ፣ ለምንስ? በካፊኖኖ ለአንጓ፣ ለክርንና በመካከላቸው ላለው የክንድ ክፍል የሚጠቀሙባቸው ቃላት በትክክል መጻፍ አለባቸው፤ አንድ ቃል ሁለቱን ጫፎች የሚያቅፍ ከሆነ ይህ ራሱ ለክርክሬ ማስረጃ ይሆናል፤ ካልሆነም ክርክሬን ያርመዋል።

ከጤና ሳይንስ ክፍል ባልደረቦች ጋር አብረን የምንሠራው አንድ አነስተኛ ጥናት እንዲኖር ሐሳብ አቅርቤአለሁ። ካፊኖኖ የሚናገሩ፣ በተለይ ከሺሺንዳና ከአካባቢው የመጡ ተማሪዎች ያስፈልጉናል። መሳተፍ የሚፈልግ ከጥያቄና መልሱ በኋላ ስሙን ያስመዝግብ፤ የማር ቆረጣው ወቅት ከመድረሱ በፊት መጠይቁን አዘጋጅተን ብንጨርስ ይሻላል፤ ወቅቱ ከገባ ግን ልናነጋግራቸው የምንፈልጋቸው ሰዎች ዛፍ ላይ ናቸው።

አሁን ጥያቄዎቻችሁን እቀበላለሁ።